ከጦርነት በኋላ የአሸናፊውን ለውጥ የደገፈ ሰው ባንዳ ነው?

የቀሃው መምህር፦
ሰላም ቤተሰብ፣ ከጎንደር ነኝ፣ ታሪክ አስተምራለሁ። ሰሞኑን የአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ላይ ደርሰናል። ደቡቦቹ በ1865 ተሸነፉ (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው)፣ ወደ 4 ሚሊዮን ባሪያዎች ነፃ ወጡ፣ ሰሜኑም ጥቁር ወንዶች የሚመርጡበት አዲስ ሥርዓት ይቋቋም አለ። ይሄን የደገፉ የደቡብ ነጮች ነበሩ፣ የአገራቸው ሰው ስካላዋግ እያለ ይሰድባቸው ነበር። ይሄን ስነግራቸው አንዱ ተማሪ “ባንዳ ናቸዋ!” አለ፣ ግማሹ ክፍል አጨበጨበለት። እኔ አልተዋጠልኝም። እስቲ የምታውቁ አስረዱኝ፣ እነዚህ ሰዎች ለምን ደገፉ?

አራዳ 16፦
ልጁ ምን አጠፋ? ጆሴፍ ብራውን የሚባለውን ተመልከት። ጦርነቱን ሙሉ የጆርጂያ ገዥ ነበር፣ ለደቡብ ሲያዋጋ ቆየ። ሲሸነፉ የለውጡ ፓርቲ የነበረው ሪፐብሊካን ውስጥ ገባ። ነገሩ ሲገለበጥ ተመልሶ ዴሞክራት (ለውጡን የሚቃወሙት የደቡብ ነጮች ፓርቲ) ሆነና በ1880 ሴናተር ሆኖ ዋሽንግተን ገባ። የድንጋይ ከሰል ማውጫም ነበረው፣ የሚቆፍሩለት ደግሞ ከመንግሥት የተከራያቸው እስረኞች ነበሩ፣ አብዛኞቹም ጥቁሮች። በበላበት የሚጮህ ሰው ለውጥ ደጋፊ አይባልም።

የአዘዞው፦
ወንድሜ፣ በአንድ ብራውን ሁሉን አትፍረድ። ሀብታም የጥጥ እርሻ ባለቤቶቹ ቆላ ላይ ነው የነበሩት። ተራራው ላይ ያለው ትንሽ ገበሬ ባሪያም አልነበረው፣ ጦርነቱንም አልፈለገው። ምሥራቅ ቴነሲ የሚባለው ተራራማ የደቡብ አካባቢ በ1861 ከአሜሪካ መገንጠሉን በከፍተኛ ድምፅ ነው የተቃወመው። ከዚያ በ1862 ምን መጣ? 20 ባሪያ ያለበት እርሻ አንድ ነጭ ወንድ ከዘመቻ ይቀርለታል የሚል ሕግ። የድሃው ልጅ ይዝመት፣ የጌታው ልጅ እርሻ ይጠብቅ ማለት እኮ ነው! እንዲህ የተደረገበት ሰው ሰላም ሲመጣ ከድሮ ጌቶቹ ጋር ይቁም ነው የምትለው?

ደግሞ የደገፉት ነገር ምን እንደሆነ እንይ። በ1868 ገደማ የወጡት የደቡብ ሕገ መንግሥቶች የሕዝብ ትምህርት ቤት አቋቋሙ፣ ከዚያ በፊት ብዙዎቹ ግዛቶች ለድሃ ነጭ ልጅ እንኳ ይህ ነው የሚባል ትምህርት ቤት አልነበራቸውም።

የማራኪዋ፦
ጋሼ አዘዞ እውነት ብለዋል፣ እኔ ግን ስለከፈሉት ዋጋ ልጨምር። ጆን ስቲቨንስ የሚባል የሰሜን ካሮላይና የምክር ቤት አባል ነበር፣ ነጭ ነው፣ የጥቁሮቹን ድምፅ ያደራጅ ነበር። በግንቦት 1870 ያንሲቪል በምትባል ከተማ ፍርድ ቤቱ ፎቅ ላይ ዴሞክራቶች ስብሰባ ተቀምጠዋል። እሱን አታለው ምድር ቤት አወረዱት፣ እዚያው ክፍል ውስጥ ኩ ክሉክስ ክላን (ጥቁሮችንና ደጋፊዎቻቸውን የሚያሸብር የነጮች ምስጢራዊ ቡድን) ገደለው። ሰዎቹ ላይ ጠንካራ ማስረጃ ጠፋ። ከገዳዮቹ አንዱ የተናዘዘበት ወረቀት የተከፈተው እሱ ከሞተ በኋላ በ1935 ነው፣ ስድሳ አምስት ዓመት ሙሉ አገር እያወቀ ዝም አለ ማለት ነው። የግዛቱ ገዥ ዊሊያም ሆልደን ክላንን በሚሊሻ ሊይዝ ተነሳ፣ እሱንም በ1871 ከሥልጣን አወረዱት። የግዛቱ ሴኔት ይቅርታ ያደረገለት በ2011 ነው።

ሎንግስትሪትንም አትርሱት። የደቡብ ጦር አዛዥ የነበረው የጄኔራል ሊ ቀኝ እጅ ነበር፣ ከጦርነቱ በኋላ ሪፐብሊካን ሆነ። በ1874 ኒው ኦርሊንስ ላይ ነጭ ሊግ የሚባል ታጣቂ መንግሥቱን ሊገለብጥ ሲወጣ፣ ፖሊስና አብዛኛው ጥቁር የሆነ ሚሊሻ ይዞ ገጠመው፣ ከፈረሱ ላይ ጎትተው አውርደው ማረኩት። በኋላ ደቡቦቹ ጌቲስበርግ በተባለው ትልቅ ውጊያ የገጠማቸው ሽንፈት ሁሉ በእሱ ተላከከ። እዚያ ሜዳ ላይ ሐውልት ያገኘው በ1998 ነው። ባንዳ የሚያሰኝ ጥቅም የቱ ላይ ነው?

የቀሃው መምህር፦
እግዜር ይስጥልኝ እህቴ፣ የስቲቨንስን አላውቅም ነበር። ግን አንድ ነገር ልጠይቅ። እኛ አገር በ1989 ዓ.ም. መሬት ሲሸጋሸግ ኮሚቴ ውስጥ የገባ ገበሬ እስከ ዛሬ በመንደሩ ስሙ ይነሳል፣ ኢሕአዴግ ያመጣው ነዋ። ይመሳሰላል ትላላችሁ?

የአዘዞው፦
ጎረቤት በጎረቤት ላይ መቆሙ ይመሳሰላል። ከዚያ ያለፈውን አታቀላቅል ልጄ። እኛ ዘንድ መሬት ተከፋፈለ፣ “ቢሮክራሲ” (የድሮ መንግሥት ሹመኛ) ተብሎ የተፈረጀም ተቀነሰበት። እዚያ ደግሞ ለነፃዎቹ ሰዎች መሬት ማከፋፈሉ ገና እንደተጀመረ ነው የተተወው፣ ድምፅ ብቻ ተሰጣቸው። ስለዚህ በ1877 የሰሜኑ ጦር ድጋፉን ሲያነሳ ድምፁንም ቀስ በቀስ ቀሟቸው። ነጩ ስካላዋግ አንገቱን ደፍቶ ዝም ካለ ሊተዉት ይችሉ ነበር። ጥቁሩ ግን ቆዳውን የት ይደብቀዋል?

አራዳ 16፦
ስቲቨንስና ሎንግስትሪት ላይ አልከራከርም። ግን ሁሉንም በነሱ ልክ አትስፉ። ሚሲሲፒ ላይ ጄምስ አልኮርን የሪፐብሊካኖቹ ገዥ ነበር፣ ሴናተርም ሆነ። በ1873 ግን የጥቁሮቹ ድምፅ የራሱ ፓርቲ ዕጩ ጋር ሲሄድ፣ ተቃውሞ ተወዳደረና የነጭ ዴሞክራቶችን ድጋፍ ይዞ ቆመ። ተሸነፈ እንጂ። እሱን ከየትኛው ነው የምትመድቡት?