የበሬሳን ዳርቻ ለእድሮች እንስጥ? (ክርክር)

አወያይ፦ በደብረ ብርሃን በሰፈራችን እድር ስብሰባ ላይ የቀረበ ሐሳብ ነው። እያንዳንዱ እድር በአቅራቢያው ያለውን የበሬሳ ወንዝ ዳርቻና የጎርፍ መውረጃ ቦይ ተረክቦ ያጽዳ፣ ችግኝ ይትከል፣ ቆሻሻ የሚደፋውንም ይከልክል፤ ለዚህም ከእድሩ መዋጮ ላይ በየወሩ ጥቂት ብር ይጨመር የሚል ነው። ገሚሱ ተሰብሳቢ ደገፈው፤ ገሚሱ «ይህ የከተማ አስተዳደሩ ሥራ ነው» ብሎ ተነሣ። እዚህ በሰፊው እንከራከርበት። ሐሳብን እንጂ ሰውን አንንካ።

የእድር ጸሐፊ፦ ሐሳቡን ካቀረቡት አንዱ እኔ ነኝ። ከተማችን ጽዳትን የምታውቀው በዘመቻ ነው። በድምፅ ማጉያ ይለፈፋል፣ አካፋና ዶማ ይዘን እንወጣለን፣ ቦዩ ይጠረጋል፤ ክረምቱ ሳይገባ ተመልሶ በፌስታልና በውኃ ፕላስቲክ ይደፈናል። ያን ጊዜ «ማን ይጠየቅ?» ቢባል መልስ የለም። እድር ግን መዝገብ አለው፣ ዳኛ አለው፣ የቀረውን በስሙ ጠርቶ ይቀጣል፤ የተቀጣውም ፖሊስ ሳይመጣበት ይከፍላል።

ምሳሌ ለማግኘት ሩቅ አንሄድም። የመንዝ ጓሳ እዚሁ ሰሜን ሸዋ ነው። ከ17ኛው መቶ ዘመን ጀምሮ ያንን የሣር ሜዳ ሲጠብቅ የኖረው ቄሮ የሚባለው የጋራ መሬት አጠባበቅ ሥርዓት ነው። ሕዝቡ የጥበቃውን ኃላፊ፣ አባ ቄራውን ይመርጣል፤ ሜዳው ሦስት ዓመትና ከዚያም በላይ ተዘግቶ ይቆያል፤ ሣሩ ሲደርስ ይከፈትና ባለመብቱ ሁሉ ያጭዳል። ቤት የሚከደነው፣ ገመድ የሚገመደው፣ ለዝናብ የሚለበሰው ገሳ የሚሠራው በዚያ ሣር ነው። ቀይ ቀበሮና ጭላዳ ዛሬ ጓሳ ላይ የሚታዩት ያ ጥበቃ ስለነበረ ነው። መንዝ ለሣሩ ያደረገውን እኛ ለወንዛችን የማናደርግበት ምክንያት አይታየኝም።

የጠባሴ ልጅ፦ ጋሼ፣ የመንዝ ሰው ጓሳን የጠበቀው የሚያጭደው ሣር ስለነበረው ነው። እኛ ከበሬሳ ዳርቻ ምን እናጭዳለን? ሽታውን? ለጽዳት ማኅበር በየወሩ እከፍላለሁ፣ ግብርም እከፍላለሁ። አሁን ደግሞ በእድር በኩል ለሦስተኛ ጊዜ ክፈል ልባል ነው። አልከፍልም።

የአካባቢ ሳይንስ ተማሪ፦ እኔም እቃወማለሁ፤ ምክንያቴ ግን ገንዘብ አይደለም። የዳርቻው ፌስታል ዓይን ስለሚያስቀይም ሁሉም ያየዋል፤ ወንዙን የሚገድለው ግን በአብዛኛው ሟሙቶ የሚገባው ነው። በከተማችን የጨርቃጨርቅ፣ የቆዳ፣ የቢራና የምግብ ፋብሪካዎች አሉ። የእንዲህ ዓይነት ፋብሪካዎች ፍሳሽ በወጉ ሳይጣራ ወንዝ ውስጥ ከገባ ባክቴሪያዎች በውስጡ ያለውን ነገር ሲያበሰብሱ የውኃውን ኦክስጅን ይጨርሱታል። በዚያ ላይ የመጸዳጃ ቤት ፍሳሽ አለ። እድሩ በዳርቻው ሺህ ችግኝ ቢተክል ከቱቦ የሚወጣውን አያግደውም።

በሬሳ ደግሞ እኛ ጋር አያልቅም። ወደ ጀማ ይገባል፣ ጀማም ወደ ዓባይ። ከከተማው በታች ከብቱን የሚያጠጣው ገበሬ በየትኛውም እድራችን ውስጥ አባል አይደለም። የምፈራው ይህን ነው፦ ዳርቻው ሲጸዳ «ወንዙ ዳነ» ተብሎ የፋብሪካው ጥያቄ ይዘጋል። አስተዳደሩም «ለኅብረተሰቡ አስረክበናል» ብሎ እጁን ያወጣል።

የሕግ ባለሙያ፦ እዚህ ላይ ክርክሩ መስመር እየያዘ ነው። አካፋ የመያዙ ጉዳይ ለእኔ ሁለተኛ ነው፤ በቅድሚያ መታየት ያለበት ውሳኔው በማን እጅ እንደሚሆን ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 44 ንጹሕና ጤናማ በሆነ አካባቢ የመኖርን መብት ለሁሉም ሰጥቷል። አንቀጽ 92 ደግሞ የአካባቢ ፖሊሲና ፕሮግራም ሲነደፍም ሆነ ሲፈጸም የሚመለከተው ሕዝብ ሐሳቡን እንዲሰጥ ያዝዛል። «ሲነደፍም» መባሉን ልብ በሉ። እኛን የሚጠሩን ግን ዕቅዱ አልቆ የሰው ጉልበት ሲፈለግ ነው። በ1999 ዓ.ም. የወጣው የደረቅ ቆሻሻ አያያዝ አዋጅ ቁጥር 513 የከተማ አስተዳደሮች ዕቅድ ሲያዘጋጁ ነዋሪውን እንዲያሳትፉ ያስገድድ ነበር። አዋጁ ሥራ ላይ በነበረባቸው ዓመታት ስንቶቻችሁ ለዕቅድ ተጠራችሁ? እኔ አልተጠራሁም። አሁን እሱን የተካው፣ ፌስታልን የከለከለው አዋጅ በ2017 ዓ.ም. ጸድቋል፤ እሱም በየሱቁ የሚፈጸመው የሚከታተለው ሰው ካለ ብቻ ነው።

ተማሪው ለጠቀሰው ፍሳሽ እድር አቅም የለውም መባሉን አልቀበልም። የብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 ማንኛውም ሰው፣ የግል ጉዳት እንደደረሰበት ማስረዳት ሳይጠበቅበት፣ አካባቢን በሚበክል ላይ ለአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት አቤቱታ እንዲያቀርብ ይፈቅዳል። በ30 ቀን ውስጥ ውሳኔ ካላገኘ ወይም በውሳኔው ቅር ከተሰኘ በ60 ቀን ውስጥ ፍርድ ቤት መሄድ ይችላል። አንድ ሰው ብቻውን ይህን ቢያደርግ ይደክመዋል፤ ሊፈራም ይችላል። መቶ አባወራ ያለው እድር በማኅተሙ ቢጠይቅ ግን በቀላሉ አይገፋም። ስለዚህ እድሮች ይግቡበት እላለሁ፤ የሚገቡት ግን ዕቅዱን የማየት፣ የፍሳሽ ምርመራ ውጤት የመጠየቅና አቤት የማለት ድርሻ በጽሑፍ ሲሰጣቸው ነው። ያለዚያ ነጻ ጉልበት ነው፣ እኔም ከተቃዋሚዎቹ ጋር ነኝ።

የጽዳት ማኅበር አባል፦ ሁላችሁም ስለ ወንዝ አወራችሁ፤ ቆሻሻው ወንዝ ከመድረሱ በፊት በእኔ ጋሪ ነው የሚያልፈው። ከየቤቱ የምናወጣው ከግማሽ በላይ የሚበሰብስ ነገር ነው፦ የአትክልት ልጣጭ፣ የምግብ ትራፊ፣ የጫት ገረባ። አመዱ ደግሞ ብዙ ነው፤ ብርድ አገር ነው፣ ኩበትና እንጨት እንዳይነድ ማለት አይቻልም። ይህ ሁሉ ከፕላስቲክና ከተሰበረ ጠርሙስ ጋር በአንድ ማዳበሪያ ታጭቆ ይሰጠናል። ፍሙ ያልጠፋ አመድ ማዳበሪያውን ያቃጥለዋል፣ ጠርሙሱ እጃችንን ይቆርጠናል። በሁለት ዕቃ ለይታችሁ ብታስቀምጡ ልጣጩ ኮምፖስት ይሆናል፤ በእኛ ብርድ ቶሎ አይበስልም እንጂ ይበስላል። ፕላስቲኩን ቆራሌው ይገዛዋል። እድር መቅጣት የሚችል ከሆነ ሳይለይ የሚያወጣውን ይቅጣልን። ከችግኙ በፊት ይህ ይምጣ።

ሌላም አለ። ገንዳው ሞልቶ መኪና ሳይመጣ ሲቀር ነዋሪው የሚሰድበው እኛን ነው። በሌሊት ወንዝ ዳር የሚደፋውም በአብዛኛው ያን ጊዜ ነው፤ ሰው ክፉ ሆኖ አይደለም፣ የሚያስቀምጥበት አጥቶ ነው። መጋቢት 2 ቀን 2009 ዓ.ም. አዲስ አበባ ቆሼ ላይ የቆሻሻው ክምር ተንዶ ከ110 በላይ ሰው ሲሞት ያለቀሱት የድሃ ቤቶች ናቸው። ከተማ ቆሻሻዋን ሳትለይ ወስዳ ዳር ላይ ስትከምር መጨረሻው የት እንደሚደርስ ከዚያ ወዲህ ማንም «አላውቅም» ሊል አይገባውም።

ተከራይ፦ እህታችን ከተናገረችው በኋላ ብዙ ማለት አልፈልግም፤ አንድ ነገር ግን ተረሳ። እድሩ «እኛ» ሲል እነማንን ነው? የሰፈራችን እድር አባላት በአብዛኛው የራሳቸው ቤት ያላቸው ናቸው። እኔ ቤት በቀየርኩ ቁጥር ሰፈር እቀይራለሁ፣ እድር ውስጥ የለሁም። የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች የሉም። በከተማችን በመጠለያ የሚኖሩት ተፈናቃዮችም የሉም፤ ውኃ ሲቸግር ወንዝ ወርደው ልብስ የሚያጥቡት ግን እነሱ ናቸው። ነገ እድሩ ዳርቻውን ተረክቦ ቅጣት ሲጀምር መጀመሪያ የምትቀጣው ያቺ ልብስ የምታጥበው እናት እንጂ ቱቦ የዘረጋው ባለሀብት አይሆንም።

ጋሼ የጓሳን ታሪክ በሙሉ ልብ ነገሩን፤ ሌላውም ገጽ ይነገር። የጓሳ መብት የአቅኚ አባቶቹ የአስቦና የጌራ ዘር ነኝ ለሚል ብቻ ነበር። ሌላው ከሜዳው አጠገብ እየኖረ ባዕድ ነበር። በ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጁ ያንን ሥርዓት ሲያፈርሰው፣ ሳር ሲመኙ የኖሩት ሁሉ ገቡ፣ ሜዳውም ተጎዳ። እኔ ከዚህ የማየው ሥርዓቱ ሰውን አግልሎ ከቆመ የሚወድቅበት ቀን ሲመጣ የሚከላከልለት ጎረቤት እንደማያገኝ ነው።

የእድር ጸሐፊ፦ ያነሣኸው ትክክለኛ ጉዳይ ነው፣ ልጄ። የእድሩን መተዳደሪያ ደንብ መቀየር ከባድ ነው፤ የቀብር መብትና ግዴታ አለበት። ለወንዙ ሥራ ግን ከእድሩ ጎን ራሱን የቻለ ኮሚቴ ሊቆም ይችላል፤ ተከራዩም፣ ከመጠለያው የሚወከልም፣ የጽዳት ማኅበሩም ይግቡበት። ገንዘቡም ከቀብሩ ሣጥን ይለይ፤ ለሐዘን የተቀመጠ ብር ለአካፋ መግዣ አይነካም። ልብስ የሚታጠብበት ቦታ ደግሞ ተለይቶ ይከለል እንጂ ማንም አይባረር። የፍሳሹን ምርመራ ውጤት መጠየቁን ግን አስተዳደሩ በቀላሉ የሚፈርምልን አይመስለኝም።

የሕግ ባለሙያ፦ ካልፈረመ አንረከብ። ከሁሉ በላይ መጨበጥ ያለብን ይህንን ነው። ፈርመን ከተረከብን በኋላ ብንለምን የሚሰማን የለም።

የጠባሴ ልጅ፦ እኔ አሁንም አልከፍልም። ቆሻሻ ለይቶ ማውጣቱን ግን ከዚህ ሳምንት ጀምሮ በቤቴ አደርገዋለሁ፤ ለእሱ ብር አያስፈልግም። አመዱንም አቀዝቅዤ ለብቻው አወጣለሁ።

የአካባቢ ሳይንስ ተማሪ፦ የውኃ ናሙና መውሰድ ከተፈለገ ከከተማው በላይና ከከተማው በታች፣ በበጋም በክረምትም መወሰድ አለበት። በክረምት ጎርፉ ስለሚያቀጥነው ውጤቱ ወንዙን ጤነኛ ሊያስመስለው ይችላል። ኮሚቴው ከቆመ በዚህ እረዳለሁ።

አወያይ፦ የሚቀጥለው ስብሰባ ማክሰኞ ጠዋት እንዲሆን ታስቧል። የአስተዳደሩ ሰዎችም ተጠርተዋል።

የጽዳት ማኅበር አባል፦ ማክሰኞ ጠዋት እኛ ጋሪ ላይ ነን፤ ተከራዩም ሥራ ላይ ነው። እሑድ ከሰዓት በኋላ አድርጉት፤ ያን ጊዜ እንመጣለን።