የጋራ ውል ረቂቅ፦ የምንሠራው ሶፍትዌር የማን ነው?

ጸሐፊ፦
ሰላም የማኅበራችን አባላት። ባለፈው እሑድ ድሬዳዋ ከዚራ ተገናኝተን እንደተስማማነው፣ ሁላችንም ከደንበኛ ጋር የምንፈራረምበት አንድ የጋራ ውል እናወጣለን። የባለቤትነት አንቀጹ የመጀመሪያ ረቂቅ ይኸው፦ «የተሠራው ሶፍትዌር ሙሉ በሙሉ የሠሪው ንብረት ነው።» ያልጣማችሁን ጻፉ፤ መቃወም ብቻ ሳይሆን የምትተኩበትን ቃልም አስቀምጡ።

የሳቢያኑ ፕሮግራመር፦
እኔ ለአንድ ነጋዴ የመጋዘን ፕሮግራም ሠርቼ ነበር። ውላችን አንድ ገጽ ነው፤ ዋጋና የማስረከቢያ ቀን፣ በቃ። በኋላ ቀፊራ አንድ ሱቅ ዕቃ ልገዛ ስገባ ባለሱቁ ኮምፒውተር ላይ የእኔ ፕሮግራም ተከፍቷል። ሎጎው ተቀይሯል፣ ቀለሙም አረንጓዴ ሆኗል። ግን ዕቃ ሲያልቅ የሚወጣው መልእክት «ዕቃው አልቃል» ይላል። «አልቋል» ልል በችኮላ የሳትኳት ፊደል እንዳለች አለች! ነጋዴው እንደ ራሱ ሸጦለታል፤ ደሜ ፈላ። ጠበቃ ጋ ስሄድ ግን ሌባ ያልኩት ነጋዴ በሕግ ባለቤት ሆኖ ተገኘ። እህቴ የሕግ ባለሙያዋ፣ አንቺ አብራሪው።

የሕግ ባለሙያዋ፦
ጉዳዩን የሚገዛው የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ነው። የኮምፒውተር ፕሮግራም እንደ ድርሰት ይጠበቃል፤ መብቱም ሥራው እንደተፈጠረ ይገኛል፣ ምዝገባ አይጠብቅም። ነገር ግን በቅጥር ወይም በትእዛዝ የተሠራ ሥራ፣ ሌላ ስምምነት ከሌለ፣ የአሠሪው ወይም የአዛዡ ነው። «ሌላ ስምምነት ከሌለ» የምትለዋን ያዙልኝ። እኛ የምንጽፈው አንቀጽ ያ ስምምነት ነው። ዝም ያለ ውል ለደንበኛው ያደላል ማለት ነው።

የለገሃሬዋ መሐንዲስ፦
ፓተንት (የፈጠራ ባለቤትነት መብት) ብናወጣስ? እኔ ሮቶ ላይ የሚገጠም የውኃ መጠን በስልክ የሚናገር መሣሪያ አለኝ። ውኃ በፈረቃ በሚመጣበት ሰፈር ሌሊት ተነስቶ ጣሪያ መውጣትን ያስቀራል።

የሕግ ባለሙያዋ፦
ለያይተሽ እዪው። በአዋጅ 123/1987 የኮምፒውተር ፕሮግራም ፓተንት አይሰጠውም፤ ስልክ ላይ ያለው መተግበሪያሽ በቅጅ መብት ይቆያል። መሣሪያው ግን ለአነስተኛ ፈጠራ ሰርተፍኬት ሊያመለክት ይችላል፤ 5 ዓመት ነው፣ ለሌላ 5 ዓመት ይታደሳል። አገር ውስጥ አዲስ መሆን ስላለበት፣ ሳታመለክቺ በየባዛሩ አታሳዪው፤ አደራ!

የመጋላው ባለኮምፒውተር ሱቅ፦
ልጆች፣ እኔ ከደንበኛው ወገን ልናገር። «ሙሉ በሙሉ የሠሪው» የሚል ውል እኔ አልፈርምም። ነገ ሥራ ብትዘጉ ሱቄ በምን ይሠራል? ደግሞ የፕሮግራሙን ስም አትርሱ። የእኛው የሐረር ቡና እንኳ በስሙ ነው የተሟገተው። ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. በ2005 ሐረር፣ ሲዳሞና ይርጋጨፌን አሜሪካ በንግድ ምልክትነት ለማስመዝገብ ስታመለክት ተቃውሞ ገጠማት፤ በ2007 ግን ከስታርባክስ ጋር የፈቃድ ስምምነት ተፈረመ። የሮያሊቲ (በስሙ የመጠቀሚያ) ክፍያ አልጠየቀችም፤ የፈለገችው ስሙ የእሷ መሆኑ እንዲታወቅ ነው። መስጠትና ማጣት ይለያያሉ።

የሳቢያኑ ፕሮግራመር፦
ጋሼ ልክ ነዎት። በስልክ ገንዘብ የሚላክበትን ኤምፔሳንም እንይ። ኬንያ ላይ እ.ኤ.አ. በ2007 ሲጀመር ባለቤቱ የእንግሊዙ ኩባንያ ቮዳፎን ነበር፤ ሳፋሪኮም ደንበኛውን ሁሉ ይዞ ለመጠቀሚያው ይከፍል ነበር። ሳፋሪኮምና ቮዳኮም በጋራ ገዝተው የራሳቸው ያደረጉት በ2020 ነው። እኔ በነጋዴው ተበድያለሁ ብዬ ደንበኞቼን ሁሉ እንደዚያ ጥገኛ ማድረግ አልፈልግም።

ጸሐፊ፦
እንግዲያው የመጀመሪያውን ሰርዤዋለሁ። ሁለተኛው ረቂቅ፦ «ሠሪው ለብዙ ደንበኞች የሚጠቀምበት መሠረታዊ ኮድ የሠሪው ነው። ለዚህ ደንበኛ ብቻ የተሠራው ክፍልና የደንበኛው መረጃ የደንበኛው ነው። ደንበኛው ሙሉውን ፕሮግራም በራሱ ሥራ ላይ ያለ ተጨማሪ ክፍያና ያለ ጊዜ ገደብ ይጠቀማል፤ ለሌላ አይሸጥም። ሠሪው ሥራ ቢያቆም ሶርስ ኮዱን (ፕሮግራመሩ የጻፈውን ዋናውን ኮድ) ለደንበኛው ያስረክባል።» የስም ጉዳይ ለብቻው ይግባ፦ በአዋጅ 501/1998 መሠረት የንግድ ምልክት ምዝገባ በየ7 ዓመቱ ስለሚታደስ፣ የእድሳት ቀን መዝገብ ማኅበሩ ይያዝ።

የለገሃሬዋ መሐንዲስ፦
አንድ ነገር ይጨመር፦ በጂፒኤል ፈቃድ (ማንም እንዲጠቀምበትና እንዲቀይረው በሚፈቅደው የነፃ ሶፍትዌር ፈቃድ) የተወሰደ ኮድ ካለበት «የእኛ ብቻ» ማለት አንችልም፤ ፕሮግራሙን ስናስረክብ ሶርስ ኮዱን በዚያው ፈቃድ መስጠት ግዴታ ነው። እያንዳንዱ አባል ከሰው የወሰደውን ኮድ ከነፈቃዱ ይዘርዝር።

ጸሐፊ፦
ተጨምሯል።

የሳቢያኑ ፕሮግራመር፦
ዛሬ ያንን ነጋዴ አገኘሁት። ተኳርፈን ነበር፤ ግን አዲስ ፕሮግራም ስለሚፈልግ ረቂቁን አስነበብኩት። ሁሉም ገባው፤ «መሠረታዊ ኮድ» ላይ ቆሞ «የትኛው ነው መሠረታዊ? በኋላ ሁሉንም መሠረታዊ ነው ብትለኝስ?» አለኝ። እውነቱን ነው። በእያንዳንዱ ውል መጨረሻ የፋይሎቹ ዝርዝር ይያያዝ፣ ሁለታችንም ከሥሩ እንፈርም። የእኔን ዝርዝር ለናሙና ነገ አስቀምጣለሁ።