«ኳሊቲ ነው» ሲሉን ምን ማለታቸው ነው?

የዘንባባ ጥላ፦
ሰላም ለዚህ ቤት። ባለፈው ሳምንት እዚህ ባሕር ዳር አንድ ሱቅ ፓወር ባንክ ገዛሁ። ጀርባው ላይ 30,000 ሚሊ አምፒር-ሰዓት (mAh) ይላል። ልጁ «ኳሊቲ ነው፣ ዓይንህን ጨፍነህ ውሰድ» አለኝ፤ እኔም ጨፍኜ ወሰድኩ። ስልኬን (ባትሪው 5,000 ነው) አንዴ ሞላልኝና ሁለተኛው ግማሽ ላይ ቀጥ አለ። የሚያናድደው ደግሞ ከመግዛቴ በፊት ስለዚሁ ዕቃ ዩቲዩብ ላይ አይቼ ነበር። ምስሉ ፎር ኬ፣ ድምፁ ኩልል ያለ፣ ሰውዬው ግን ለካ ካርቶን ከፍቶ ከማሳየት በቀር ምንም አልሞከረም። ታዲያ ጥራት የሚባለው ምኑ ነው?

ሶኬት፦
ወንድሜ ተበልተሃል። እስኪ አስመዝነው። የብዙዎቹ ሆድ ውስጥ ያለው 18650 የሚባል፣ የእጅ ባትሪ ድንጋይ የሚመስል ፍሬ ነው። አንዷ ፍሬ ጥሩ ከተባለች 3,500 ገደማ ትይዛለች፣ ክብደቷም ወደ 50 ግራም ይጠጋል። 30,000 እንዲሞላ ዘጠኝ ፍሬ ያስፈልጋል፤ ፍሬዎቹ ብቻ ከ400 ግራም በላይ ማለት ነው። ደግሞ እውነተኛውም ቢሆን 30,000 አይሰጥህም፤ ቁጥሩ የተጻፈው በ3.7 ቮልት ነው፣ ወደ ስልክህ የሚወጣው በ5፣ ስሌቱ ብቻ ወደ 22,000 ያወርደዋል። ይሄኛው ሌብነት አይደለም። ያንተው ግን ነው።

ደንገል፦
እኔ በባትሪ ነገር የለሁበትም። የደንገል ታንኳን ግን አውቃለሁ። ውሃ እየጠጣች ትከብዳለች፣ ፀሐይ ላይ ካላሰጧት ትበሰብሳለች፣ ዕድሜዋም አጭር ነው። ቢሆንም ጣና ላይ ስንት ዘመን ሰው፣ እንጨትና ዓሣ ስታመላልስ «ጥራት የላትም» ያላት የለም፣ ምክንያቱም የሚሠራትም የሚቀዝፋትም ልኳን ያውቃሉ። ቆሮሶ ዓሣ ስትገዛስ ቢሆን ስንጥቡን ገልጠህ ቀይ መሆኑን አታይም? የታሸገ ዕቃ ችግሩ ስንጥብ የለውም።

ማታ ማታ፦
ስለ ቪዲዮው፣ ፎር ኬ ማለት 3,840 በ2,160 ነጥብ ነው፣ አለቀ። ዳታህን ይበላል እንጂ ወሬውን እውነት አያደርገውም። እኔ የማምነው «ይሄ ጎኑ አልተመቸኝም» ሲል የሰማሁትን ሰው ነው፣ በደብዛዛው 480 ጥራት ቢቀርጸውም።

የዘንባባ ጥላ፦
ሶኬት፣ ሚዛን ስላጣሁ ዓሣ የሚሸጡ እትዬ ዘንድ ወሰድኩት። ከነሽቦው 230 ግራም። «ይሄ ሆዱ ወጥቷል» ብለው ሳቁብኝ። ነገ ሱቁ እመለሳለሁ፤ ደረሰኝ ግን አልተቀበልኩም፣ ምን ብዬ ልግባ?