ሃይደገር ላይ ተጣብቄ ቀረሁ፣ እባካችሁ እርዱኝ

ጀርመናዊው ፈላስፋ ማርቲን ሃይደገር እ.ኤ.አ. በ1954 ባሳተመው የቴክኖሎጂ ጽሑፉ የድሮውን የንፋስ ወፍጮ ከዘመናዊው የኃይል ማመንጫ ይለየዋል። ወፍጮው ንፋስ ሲመጣ ይዞራል፤ ኃይሉን አያከማችም። ራይን ወንዝ ላይ የተሠራው ማመንጫ ግን ወንዙን ራሱን የኃይል አቅራቢ አድርጎታል ይላል። እስከዚህ ገብቶኛል።

የዛሬው የንፋስ ተርባይንስ? እሱም ንፋስ ከሌለ ቀጥ ይላል። ባትሪ ሲገጠምለት ነው ነገሩ የሚለወጠው? ወይስ ጉዳዩ ማሽኑ ሳይሆን ተፈጥሮን የምናይበት ዓይን ነው? ሁለተኛው ይመስለኛል። ግን እንደዚያ ከሆነ የድሮው ባለወፍጮስ ንፋሱን እንደ ጉልበት አላየውም ወይ?

ሦስት ቀን ሙሉ እዚችው አንቀጽ ላይ ነኝ። ጭንቅላቴ ከወፍጮው በላይ ዞሯል። ቀለል አድርጎ የሚያስረዳኝ አለ?