ለአደን የምን ቀለም ልብስ ይሻላል?

ሰላም ሰዎች፣ ከሀዋሳ ነኝ፣ ፈቃድ ካላቸው አዳኞች ጋር በረዳትነት ወደ ባሌ ልወጣ ነው፣ ያለኝ ሰማያዊ ጂንስና ጥቁር ጃኬት ነው፣ ይሆናል ወይስ ሌላ ልግዛ?

መልስ፦ ወንድሜ ጂንሱን ተወው። አጋዘንና ድኩላ ቀይና ብርቱካናማን ከአረንጓዴ ብዙም አይለዩም፣ ሰማያዊ ግን ቁልጭ ብሎ ነው የሚታያቸው። ካኪ ወይ ቡኒ ፈልግ፣ ሳልባጅ ተራ ሞልቷል

መልስ፦ ልክ ነው፣ ደሞ ከላይ ብርቱካናማ ሰደርያ ጣል አርግበት፣ ለአጋዘኑ ደብዛዛ ነው ጠመንጃ ለያዘው ሰው ግን ከሩቅ ይታያል፣ ነፍስህን የሚያተርፍልህ እሱ ነው። ወታደር የሚመስል ዥጉርጉር እንዳትለብስ በናትህ፣ ኬላ ላይ ያስቆሙሃል

መልስ፦ ሌላ ጊዜ ኦሞ ቆላ ከወረድክም ሰማያዊና ጥቁር ይቅርብህ፣ ገንዲ የሚባለውን በሽታ የሚያስተላልፈውን ዝንብ ይስባል፣ ማጥመጃውን ራሱ በነዚህ ቀለሞች ጨርቅ ነው የሚሰሩት