4 ኪሎ ላይ «ኪሎ»ው ከየት መጣ? እርዱኝ

ወገኖች፣ እንግዳ ይዤ ከፒያሳ እስከ 6 ኪሎ በእግር የማዞር አስጎብኚ ነኝ። የሰፈር ስም ማስረዳት የሥራዬ ግማሽ ነው። ፒያሳ ቀላል ነው፤ በጣልያንኛ አደባባይ ማለት ነው። ካዛንቺስም ጣልያኖች ለመንግሥት ሠራተኞቻቸው ቤት ያሠሩበት ከነበረው ተቋም ምህጻረ ቃል የመጣ ነው፤ «ካዛ» ቤት፣ «ኢንቺስ» ተቋሙ። እሪ በከንቱማ ራሱን ያስረዳል።

4 ኪሎ ስንደርስ ግን አለቀልኝ።

አደባባዩ ሚያዝያ 27፣ የ6 ኪሎው ደግሞ የካቲት 12 እንደሚባል እነግራቸዋለሁ። «ኪሎውስ?» ይሉኛል። አንዱ ኪሎ ሜትር ነው ይላል። ከ4 ኪሎ 6 ኪሎ ግን ሁለት ኪሎ ሜትር እንኳ አይሞላም፤ ታዲያ ከየት ተለክቶ ነው? ሌላው የሚገናኙት መንገዶች ቁጥር ነው ይላል። ይሄ ይሻላል፤ ግን መንገድን ኪሎ ብሎ የጠራው ማነው? (የሚዛኑን ኪሎ የሚያነሳም አልጠፋም፤ እሱን እንለፈው።)

ከ1928 ዓ.ም. በፊት በተጻፈ ደብዳቤ፣ ካርታ ወይም ውል ላይ «4 ኪሎ» የሚል ያየ አለ? ስሙ ከጣልያን ወረራ በፊት ከነበረ ጣልያኖች አወጡት የሚል ግምት ሁሉ ይወድቃል። እዚያ ሰፈር ያደጉ አባትና እናት ያላችሁም እባካችሁ ጠይቁልኝ። ቅዳሜ ደግሞ እንግዶች አሉብኝ።