ፎቶ ላይ ከመስታወቱ በላይ ወፍሬ የምወጣው ለምንድነው? ምን ላድርግ?

ቢጫ አበባ፦
ሰላም ቤተሰብ እንዴት ናችሁ። ይሄን ለመጠየቅ ብዙ ጊዜ ሳመነታ ነው የቆየሁት። እኔ ወፈር ያልኩ ሰው ነኝ፣ አውቀዋለሁ፣ ከሰውነቴም ጋ ተጣልቼ አላውቅም፣ መስታወት ፊት ስቆም የማያት ሴት ደህና ነች። ፎቶ ላይ ግን ሌላ ሰው ነው የሚወጣው! ባለፈው የአክስቴ ልጅ ልደት ላይ ተሰብስበን ተነሳንና ፎቶው ሲላክልኝ ክንዴ፣ መሀል ላይ ከቆመችው ልጅ ወገብ ይበልጣል፣ የእውነቴን ነው የምላችሁ፣ በዛው ቀን ጠዋት ደግሞ ቀሚሱን ለብሼ ሳየው በጣም ወድጄው ነበር። ከዛ ወዲህ ካሜራ ሲወጣ ወይ እኔ አንሺ እሆናለሁ ወይ ከሰው ኋላ እገባለሁ። ልጄ አራት ዓመቷ ነው፣ ስልኬ ውስጥ የሷ ፎቶ ከሺ በላይ አለ፣ እኔና እሷ አብረን ያለንበት ግን ትላንት ማታ ቁጭ ብዬ ስፈልግ ያገኘሁት ስድስት ብቻ ነው፣ በሁለቱ ደግሞ የሚታየው እጄ ነው።
ከሶስት ሳምንት በኋላ የታናሽ እህቴ ሰርግ ነው፣ እዛ መደበቅ የለም። አቋቋም በሉት አለባበስ በሉት የምታውቁትን ንገሩኝ። ክብደት ቀንሺ የሚለውን ግን ተዉልኝ፣ ስለሱ ከሀኪሜ ጋ እየተነጋገርኩ ነው፣ የምጠይቀው ስለፎቶው ነው። በአፕ ማቅጠንም አልፈልግም፣ ልጄ ነገ አድጋ ስታየው እናቷን እንድታይ ነው የምፈልገው።

ሚሚ ኬ፦
ጥቁር ልበሺ በቃ፣ ጥቁር ያቀጥናል። እጅሽን ደግሞ ወገብሽ ላይ አድርጊ። መልካም ሰርግ ይሁንላችሁ ❤

ባለሌንሱ፦
እህቴ ሰላም ነው፣ ስራዬ ሰርግ ማንሳት ነው። መልስ ከመስጠቴ በፊት ልጠይቅሽ፣ የልደቱ ፎቶ ላይ የት ጋ ነበር የቆምሽው መሀል ወይስ ዳር? በስልክ ነው በካሜራ? አንሺው ምን ያህል ራቅ ብሎ ነበር?

ቢጫ አበባ፦
ዳር ነኝ፣ ቀኝ ጫፍ፣ ያውም የፊተኛው ረድፍ ላይ። በስልክ ነው፣ ክፍሉ ጠባብ ስለነበር ሁላችሁም እንድትገቡ ብሎ 0.5ን ነክቶ ነው ያነሳን። በጣም ቅርብ ነበር፣ ሁለት ሜትርም የሚሞላ አይመስለኝም።

ባለሌንሱ፦
ጠርጥሬ ነበር። ክንድሽን ያተለቀችው ያቺ 0.5 ናት። እሷ በጣም ሰፊ ሌንስ ናት፣ በባለሙያ ካሜራ ስሌት 13 ሚሊሜትር አካባቢ ማለት ነው (ቁጥሩ ባነሰ መጠን ሌንሱ ሰፋ አድርጎ ያያል)፣ ተራዋ የስልኩ ካሜራ ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ ከ24 እስከ 26 ትሆናለች። ሰፊ ሌንስ መሀል ላይ ያለውን ብዙም አይነካውም፣ ዳር ላይ ያለውን ግን ወደ ውጪ ይለጥጠዋል፣ ማረጋገጥ ከፈለግሽ ኳስ አስቀምጪና አንዴ መሀል አንዴ ጫፍ ላይ አድርገሽ አንሺው፣ ጫፍ ላይ እንቁላል ሆኖ ነው የሚወጣው። ስለዚህ የመሀሏ ልጅና አንቺ በአንድ ሚዛን አልተለካችሁም። ፊተኛው ረድፍ ላይ መሆንሽ ደግሞ ጨመረበት፣ ለካሜራ የቀረበ ነገር ሁሌም ይተልቃል። በፈረንጆቹ 2018 አሜሪካ ያሉ የፊት ቀዶ ህክምና ሀኪሞች አስልተውት ነበር፣ ከ30 ሳንቲሜትር የተነሳ ሰልፊ አፍንጫን ከአንድ ሜትር ተኩል ከተነሳው ወደ 30 በመቶ አስፍቶ ያሳያል። አፍንጫው ያው ነው፣ የተለየው ርቀቱ ነው።
ስለዚህ መጀመሪያ የሚስተካከለው አንቺ አይደለሽም አንሺው ነው። ሶስት ሜትር ያህል ይራቅና 2 እጥፍ ዙም ይጠቀም። ሙሉ ቁመት ከሆነ ስልኩን ደረቱና ወገቡ መሀል ዝቅ አድርጎ ቀጥ አድርጎ ይያዝ፣ ከደረት በላይ ከሆነ በአይንሽ ልክ ወይ ትንሽ ከፍ ያድርገው። ብዙ ሰው ከላይ ሲነሳ ያቀጥናል ብሎ ሙሉ ቁመቱንም ከላይ ያስነሳል፣ ያኔ ጭንቅላት ትልቅ እግር አጭር ሆኖ ይወጣል።

አሁን አቋቋም። ካሜራውን ፊት ለፊት እንደ ግድግዳ አትጋፈጪው። 45 ዲግሪ ግድም ዞር በይ፣ ክብደትሽን በሙሉ የኋላው እግር ላይ ጣይው፣ የፊተኛውን ጉልበት ለስለስ አድርገሽ እጠፊ። ክብደቱ ወደ ኋላ ሲሄድ ዳሌሽም አብሮ ከካሜራው ይርቃል፣ የራቀ ደግሞ ያንሳል፣ ሌላ ምስጢር የለውም። ከዛ ደረትሽንና ፊትሽን ብቻ ትንሽ ወደ ካሜራው መልሺ።
ክንድ ላይ ትንሽ ልቆይ፣ ምክንያቱም የብዙ ሴቶች ቅሬታ እሱ ነው። ሰው ሲፈራ ክንዱን ጎኑ ላይ ይለጥፋል፣ ሲለጠፍ ስጋው ይጨፈለቅና ወደ ጎን ይሰፋል፣ መስታወት ፊት ሞክሪው በአይንሽ ታይዋለሽ። ደግሞም በክንድና በወገብ መሀል ክፍተት ከሌለ አይን ሁለቱን አንድ ላይ አድርጎ ይሄ ሁሉ ወገብ ነው ብሎ ይቆጥረዋል። ሁለት ጣት የምታሳልፍ ክፍተት ትበቃለች፣ በሷ ውስጥ ብርሃን ሲያልፍ ወገብሽ የት እንደሚያልቅ ይታያል። እጅሽን ወገብሽ ላይ የምታደርጊ ከሆነ ክርንሽ ወደ ኋላ ይሂድ፣ ወደ ካሜራው ከመጣ እሱም ይተልቃል።
ልጅሽን ስታቅፊም እንደዚሁ ነው። ዞር ብለሽ ቆመሽ ወደ ካሜራው በቀረበው ጎንሽ ያዣት፣ አንቺ ግማሽሽ ከሷ ኋላ ትሆኛለሽ፣ እሷ ትልቅ ሆና ትወጣለች አንቺ ደግሞ ፊትሽ ብቻ ጎልቶ ይወጣል። ዝቅ ብለሽ ጉንጭሽን ጉንጯ ላይ ብታደርጊማ የበለጠ ያምራል፣ አንገት ራሱ ይረዝማል።

መርፌና ክር፦
የኔ እህት ልብሱን ለኔ ተዪልኝ፣ ልብስ ስሰፋ ነው የኖርኩት። በመጀመሪያ ስለ ጥቁር፣ ሚሚ የተናገረችው ውሸት አይደለም፣ ደማቅ ነገር በጨለማ መሀል ከልኩ ሰፍቶ ነው የሚታየው፣ ጥቁሩ ደግሞ በነጭ ላይ ጠቦ። ግን ሰፊ ጥቁር ቀሚስ ከሆነ ነገሩ ይገለበጣል፣ ምክንያቱም በአይን ስናየው እጥፋቱ ጥላው ምናምኑ ይታየናል፣ ካሜራው ግን ሁሉንም ውጦ አንድ ጥቁር ድፍን ነገር ነው የሚያወጣው፣ ውስጡ ወገብ እንዳለ የሚነግር ነገር የለም። ጥቁር ሰማያዊ፣ ጥቁር አረንጓዴ፣ ወይን ጠጅ፣ ከላይ እስከ ታች አንድ ቀለም ይሁን እንጂ ጥቁር መሆን የለበትም።
ባለ መስመር ልብስ ላይ ደግሞ ሁሉም ሰው አግድም ያወፍራል ይላል። ሄልምሆልትዝ የሚባለው ጀርመናዊ ሳይንቲስት ገና በፈረንጆቹ 1860ዎቹ ነው በአግድም መስመር የተሞላ አራት ማዕዘን ከስፋቱ ይልቅ ቁመቱ በልጦ እንደሚታይ የጻፈው፣ በፈረንጆቹ 2011 እንግሊዝ የዮርክ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች በሴት ምስል ላይ ሲሞክሩትም አግድሙ አላወፈረም። በፈረንጆቹ 2013 ጃፓን የተሞከረው ግን ማቅጠኑ የሚሰራው ድሮም ቀጠን ባለው ሰው ላይ ነው አለ። ስለዚህ ለኛ ለወፍራሞቹ መስመሩ ብዙ አያስጨንቅም፣ ልኩ ነው ወሳኙ።
ልክ ስል፦ የትከሻው ስፌት ትከሻሽ አጥንት ላይ ይረፍ፣ ወደ ክንድሽ ከወረደ ትከሻሽን ያሰፋል። ጎኑን በሁለት ጣትሽ ቆንጥጪው፣ ሁለት ሶስት ሳንቲም ያህል ከመጣልሽ ልክሽ ነው፣ እፍኝ ሙሉ ከመጣ ሰፊ ነው፣ ምንም ካልመጣ ደግሞ ጠባብ ነው፣ ጠባብ ልብስ የውስጥ ልብስሽን መስመር ሁሉ ያወጣል። እጅጌ የሚያልቅበት ቦታ እንደ መስመር ነው፣ አይን እዛ ጋ ይቆማል፣ ክንድሽ ሰፊ በሆነበት ቦታ ላይ ካለቀ ስፋቱን እያሳየሽ ነው። ከክርን በታች አውርጂው፣ እዛ ጋ ሁሉም ሰው ቀጭን ነው። የቀሚሱም ጫፍ እንደዛው፣ ባትሽ ላይ አይለቅ፣ ወይ ከጉልበት ዝቅ ብሎ ወይ ቁርጭምጭሚት ጋ ይቁም። አንገቱ ቪ ይሁን። ወገቡን የምታጠብቂው ከጡት በታች ባለው ቀጭኑ ቦታ ነው እንጂ ሆድሽ ላይ አይደለም።
ሳቲን ግን አደራ! አብለጭላጭ ጨርቅ ብርሃኑን የሚመልሰው ወጣ ባለው ቦታ ላይ ነው፣ ሆድና ዳሌ ላይ ነጭ ነጭ ብሎ ይወጣል። ደብዘዝ ያለ፣ ክብደት ያለው፣ ቀጥ ብሎ የሚወርድ ጨርቅ ፈልጊ። ከሰርጉ በፊት ደግሞ ለብሰሽው በፍላሽ ተነሺ፣ አንዳንድ ጨርቅ በፍላሽ ጊዜ ውስጡን ያሳያል።

ረጅሙ፦
ወንዶችም እንጠይቃለን እንግዲህ። እኔ ሰውነቴ ብዙ አይደለም ግን ፈገግ ስል ድርብ አገጭ ይወጣብኛል፣ ሳልስቅ ደግሞ የተቆጣሁ ነው የምመስለው። ባለሌንሱ ወንድሜ መላ ካለህ?

ባለሌንሱ፦
አለ። ሰው ካሜራ ሲያይ ሳያውቀው አንገቱን ወደ ኋላ ይጎትታል፣ አገጩን የሚያጥፈው እሱ ነው። አንተ ተቃራኒውን አድርግ፣ ግንባርህን ወደ ካሜራው ግፋው ከዛ አገጭህን ትንሽ ዝቅ አድርግ። ከጎን ለሚያይህ ሰው እንግዳ ነው የሚመስለው፣ ከፊት ግን የመንጋጋህ መስመር ጥርት ብሎ ይወጣል። ትከሻህን ወደ ታች ልቀቀው፣ ሰው ሲጨነቅ ትከሻው ጆሮው ጋ ይደርሳል አንገቱም ይጠፋል። ብርሃኑን ደግሞ ከጎን አምጣው። መስኮት ካለ ፊትህን ወደ መስኮቱ መለስ አድርግ፣ አንሺው ግን በጥላው በኩል ይቁም፣ ያኔ ለካሜራው የቀረበው ሰፊው ጉንጭ ጥላ ውስጥ ይገባል ፊትህም ይጠባል። የስልክ ፍላሽ ፊት ለፊት መቶ ጥላውን ሁሉ ያጠፋዋል፣ ጥላ ከሌለ ፊት ጠፍጣፋና ሰፊ ነው። ፈገግታውን ደግሞ ይዘኸው አትቆይ፣ አንሺው ሊነካ ሲል ተንፍስና ያኔ ፈገግ በል።

ጸጥታ፦
ይቅርታ ግን ይሄ ሁሉ ልፋት ለምን፣ እንደሆንሽው ተነሺ።
ይሄን የምልሽ ለክፋት አይደለም። እናቴ እንዳንቺ ነበረች፣ ካሜራ ስታይ እጇን ፊቷ ላይ ታደርግ ነበር፣ ወፍሬያለሁ አሁን አይሆንም ሌላ ጊዜ እያለች። ካረፈች በኋላ ፎቶ ስንፈልግ ያገኘነው አብዛኛው መዳፏ ነው። አንድ አለን፣ ሳታውቅ የተነሳች፣ ልብስ እያሰጣች ዞር ስትል፣ ክንዷ ወፍራም ነው ጸጉሯ ተበትኗል፣ ቤታችን ውስጥ ትልቅ አድርገን የሰቀልነው እሱን ነው። ክንዷን ማንም አይቶት አያውቅም።

ቢጫ አበባ፦
ጸጥታ ነፍሷን ይማር፣ አስለቀስሽኝ። እውነትሽን ነው፣ ግን እኔ ሳልፈራ ለመቆም የሆነ የማውቀው ነገር እንዲኖረኝ ነው የፈለግኩት፣ ሳላውቅ ስቆም ነው ዞሬ የምሸሸው።

ጸጥታ፦
ገባኝ እህቴ። እንደዛ ከሆነማ ተማሪው፣ አይዞሽ። አንድ ነገር ልጨምርልሽ፣ መስታወት ውስጥ የምታውቂው ፊትሽ ግራና ቀኙ የተገለበጠው ነው፣ በፈረንጆቹ 1977 አሜሪካ የወጣ ጥናት ላይ ሰዎች የራሳቸውን የተገለበጠ ምስል ነበር የወደዱት፣ ወዳጆቻቸው ደግሞ ያልተገለበጠውን። ፎቶሽ ሌላ ሰው የሚመስልሽ ከፊሉ ከዚህም ይሆናል፣ እኛ ግን የምናውቅሽ ፎቶው ላይ በምትታየው ባልተገለበጠችው ነው።

ቢጫ አበባ፦
ተመለስኩ! ባለቤቴን አስቁሜ ቅዳሜ ግማሽ ቀን ሞከርነው። መጀመሪያ በ0.5 ቅርብ ሆኖ ፍሬሙ ዳር ላይ አነሳኝ፣ ከዛ ያው ልብስ ያው ቦታ ሶስት ሜትር ርቆ በ2 እጥፍ፣ መሀል። ሁለቱን ጎን ለጎን ሳያቸው ዝም ነው ያልኩት። አንድ ሰው አይመስሉም፣ አስር ደቂቃ እንኳን አልቆየም በመሀላቸው። የክንዱ ክፍተት እውነት ነው፣ ግን ደጋግሜ ካልተለማመድኩት እረሳዋለሁ፣ ባለቤቴ "ክንድ" እያለ ሲያስታውሰኝ ነበር። ሀያ ምናምን አንስቶኝ አምስቱን ወድጃቸዋለሁ፣ አንዱ ከልጄ ጋ ነው ጉንጯ ላይ ሆኜ፣ እሷ አይኗን ጨፍናለች፣ አላጠፋውም።
አንድ የቀረኝ፣ ሰርጉ ላይ የቤተሰብ ፎቶ ስንነሳ የት ልቁም? እህቴ አጠገቧ እንድሆን ትፈልጋለች።

ባለሌንሱ፦
አጠገቧ ሁኚ፣ ከመሀል የተሻለ ቦታ የለም። ግማሽ እርምጃ ብቻ ከሷ ወደ ኋላ ብለሽ ወደሷ ዞር በይ፣ የሷ ትከሻ ያንቺን ትንሽ ይሸፍን። የሰርጉን አንሺ ደግሞ ቀደም ብለሽ አግኚውና በሰፊ ሌንስ ዳር ላይ እንዳያስቀምጥሽ ንገሪው፣ አያፍርሽ፣ እኔን ብዙ ሰው ይነግረኛል ደስ ብሎኝ ነው የምሰማው።

መርፌና ክር፦
ልብሱስ ምን ሆነ?

ቢጫ አበባ፦
ጥቁር አረንጓዴ፣ ቪ አንገት። እጅጌው ግን ክንዴ መሀል ላይ ነው የሚያልቀው፣ ነገ ሰፊዋ ጋ ልወስደው ነው።

መርፌና ክር፦
በዛው ጨርቅ መቀጠያ ካላት ከክርንሽ በታች አራት ጣት ታውርደው። ጨርቁ ካልተረፈ ደግሞ በተመሳሳይ ቀለም ስስ ጨርቅ ትቀጥለው፣ አንጸባራቂ እንዳይሆን ብቻ። ክንድሽን ወደ ላይ አንስተሽ ለኪው፣ ልጅሽን ስታቅፊ እንዳይያዝሽ።